ከቶምሊንሰን ፊት ስለሮጠው ሰው

ይድረስ ለጋዜጣው ዝግጅት ክፍል፣

ጤና ይስጥልኝ። የሳንዲያጎ ቻርጀርስ ሯጭ ስለነበረው ስለ ላዴኒያን ቶምሊንሰን ያወጣችሁትን ጽሑፍ አነበብኩት። የአሜሪካን ፉትቦል በአማርኛ የሚጽፍልን ብዙ ስለሌለ ከልብ አመሰግናለሁ። በ2006 (ዓመቶቹን ሁሉ በፈረንጅ ነው የምጽፈው) በሩጫ ብቻ 28 ታችዳውን፣ ማለትም ኳሱን ይዞ የጎሉን መስመር በማለፍ የሚገኝ ነጥብ፣ ማስቆጠሩ፣ 1,815 ያርድ (አንድ ያርድ ከሜትር ትንሽ ያንሳል) መሮጡ፣ የሊጉ (የኤንኤፍኤል) ኮከብ መባሉ፣ ሁሉም ልክ ነው። ግን ከላይ እስከ ታች ባነበው ከፊቱ ሆኖ መንገድ ይከፍትለት የነበረው የሎሬንዞ ኒል ስም አንድም ቦታ የለም። ዝም ብዬ ማለፍ አቃተኝ።

የምኖረው ሳንዲያጎ ነው። ቻርጀርስ በ2017 ወደ ሎስ አንጀለስ እስኪሄድ ድረስ እኛ ቤት እሁድ ማለት ከቤተ ክርስቲያን መልስ ቡና ማፍላትና ጨዋታ ማየት ነበር። ስለዚህ ስለ ኒል የምጽፈው በወሬ ሰምቼ አይደለም።

ኒል ፉልባክ ነበር። ጨዋታው ለማያውቁ አንባቢዎች ሥራውን ልንገራቸው። ፉልባክ ብዙውን ጊዜ ኳስ ከሚይዘው ሯጭ ፊት ይቆማል። ኳሱ ሲነሳ ቀድሞ ወደ ክፍተቱ ይገባል። እዚያ የተጋጣሚው ላይንባከር፣ ሯጩን ለማስቆም የሚመጣው ተከላካይ፣ በሙሉ ፍጥነት እየመጣ ነው። ፉልባኩ እሱን ገጭቶ ከመንገድ ያወጣል፤ ሯጩ በዚያችው ክፍተት ሾልኮ ይሄዳል። ካሜራውም ሯጩን ተከትሎ ይሄዳል። የገጨውን ሰው ማንም ዞሮ አያየውም። ይህ በአንድ ጨዋታ ውስጥ ደጋግሞ ይሆናል፤ ኒል ደግሞ 16 ዓመት ሙሉ ሠርቶታል።

ፍሬስኖ ስቴት ዩኒቨርሲቲ ሲማር በትግልም ይወዳደር ነበር። ጨዋታውን ላየ ሰው ይታወቃል። ከ110 ኪሎ በላይ የሆነ ሰው እንደዚያ ዝቅ ብሎ ተጋጣሚው ደረት ስር ሲገባ፣ እግሩንም ሳያቆም ሲገፋ፣ ጉልበት ብቻ አይደለም፤ ጥበብ ነው። እኔ እንዲያውም ሯጩን ትቼ እሱን ማየት ለምጄ ነበር። እንደዚያ ሲታይ ጨዋታው ሌላ ነው።

የኒው ኦርሊንስ ቡድን በ1993 ሊጉ አዲስ ተጫዋቾችን ከዩኒቨርሲቲ በሚመርጥበት ምርጫ በአራተኛው ዙር መረጠው። ያኔ ኳስም ይሰጡት ነበር፤ ነገር ግን ገና በመጀመሪያው ዓመት ቁርጭምጭሚቱ ተጎዳ። ከዚያ በኋላ ኑሮው ለሌላው መንገድ መክፈት ሆነ። ዋናው ታሪክ የሚጀምረው በ1997 ነው። በዚህ ሊግ አንድ ሯጭ በዓመት 1,000 ያርድ ካለፈ ጥሩ ዓመት አሳለፈ ይባላል። ኒል በ1997 ኒውዮርክ ጄትስ ውስጥ ለኤድሪያን ሙሬል መንገድ ከፈተ፤ ሙሬል 1,000 አለፈ። በማግስቱ ዓመት ታምፓ ሄደ፤ ዋሪክ ደን አለፈ። ቴነሲ ሁለት ዓመት ቆየ፤ ኤዲ ጆርጅ ሁለቱንም ዓመት አለፈ። ሲንሲናቲም ሁለት ዓመት፣ ኮሪ ዲለን። ከዚያ ሳንዲያጎ አምስት ዓመት፣ ቶምሊንሰን። እስከ 2007 ድረስ አንድም ዓመት ሳይዘለል 11 ዓመት መሆኑ ነው።

አንዳንዱ ሰው «እነዚህ ሯጮች ያለ እሱም ጎበዞች ነበሩ» ይላል። እውነት ነው፤ ቶምሊንሰን ኒል ከመምጣቱ በፊት በ2002 1,683 ያርድ ሮጧል። ግን አምስት ቡድን፣ አምስት ሯጭ፣ የተለያየ አሰልጣኝ፣ እና በሁሉም ውስጥ ያው አንድ ሰው ከፊት። ይህን አጋጣሚ ነው የሚለኝን ሰው አልቀበለውም። እሱ ራሱ በዘመኑ ሁሉ የሮጠው ተደምሮ 1,000 ያርድ አይሞላም።

ጥር 2000 ላይ ቴነሲና ቡፋሎ ያደረጉትን ጨዋታ ብዙዎቻችሁ ሳታውቁት አትቀሩም። 16 ሰከንድ ቀርቶ ቡፋሎ 16 ለ 15 እየመራ ነበር። ከዚያ የቴነሲው ፍራንክ ዋይቼክ ኳሱን ሜዳውን አሻግሮ ለጓደኛው ወረወረ፤ ኬቨን ዳይሰን 75 ያርድ ሮጦ አገባ፤ ቴነሲ 22 ለ 16 አሸነፈ። ሁሌም የሚነሱት እነዚህ ሁለቱ ናቸው። ቡፋሎ ነጥብ ካስቆጠረ በኋላ ጨዋታውን ለማስቀጠል የመታውን ኳስ መጀመሪያ የያዘው ግን ኒል ነው። ይዞ ለዋይቼክ አቀበለ።

የጻፍኩበት ሌላም ምክንያት አለኝ። ልጄ የሁለተኛ ደረጃ ተማሪ ነው፤ በትምህርት ቤቱ ቡድን ፉልባክ ሆኖ ይጫወታል። ዘመድ በተሰበሰበ ቁጥር ጥያቄው አንድ ነው፤ «ስንት አገባ?» ምንም አላገባም ሲባል ፊታቸው ይቀየራል። አንዱ አጎቱ «አሰልጣኙን አናግሪው እንጂ፣ ለምን ኳስ አይሰጡትም?» አለኝ፣ ልጁ እዚያው ተቀምጦ እየሰማ። እናት ነኝና የእኔ ጭንቀት ሌላ ነው። ጭንቅላቱን አስቀድሞ እንዳይገባ፣ ቀና ብሎ እንዲገጭ ሁልጊዜ እነግረዋለሁ። በሥራው ግን እኮራለሁ። ማታ ማታ የኒልን የድሮ ጨዋታዎች በዩቲዩብ አብረን እናያለን። እግሩን የት እንዳሳረፈ፣ ማንን መርጦ እንደገጨ እያቆመ ያሳየኛል።

ቶምሊንሰን በ2017 ካንተን፣ ኦሃዮ ያለው የዝና አዳራሽ ገባ፤ ይገባዋል። ኒል ግን አልገባም። እዚያ ያሉት እነ ጂም ብራውን፣ እነ ላሪ ዞንካ፣ እነ ፍራንኮ ሃሪስ ፉልባክ ቢባሉም ኳስ ይዘው የሮጡ ናቸው። የኒልን ዓይነት ሥራ ብቻ ሠርቶ የገባ የለም። የ2000ዎቹ አስር ዓመት ምርጥ ቡድን ሲመረጥ ግን ፉልባኩ ኒል ነበር። የዘመኑ ምርጥ መሆኑ ከታመነበት በሩን ለምን እንደሚዘጉበት አይገባኝም። ዛሬ ብዙ ቡድኖች ፉልባክ አይዙም፤ በእሱ ቦታ ኳስ ተቀባይ ይጨምራሉ። ሥራው ከሜዳ ሳይጠፋ የሠሩት ሰዎች ክብራቸውን ቢያገኙ ደስ ይለኛል።

ከእናንተ የምለምነው ትንሽ ነው። የልጄ አጎቶች ጋዜጣችሁን ያነባሉ፤ እናንተ የጻፋችሁትን ደግሞ ያምናሉ። በሚቀጥለው ስለ ሎሬንዞ ኒል ጻፉልን። ፎቶም ካገኛችሁ ከቶምሊንሰን ጋር ያለበትን አውጡት። 21 ቁጥር ቶምሊንሰን ነው። ከፊቱ ያለው 41 ቁጥር ኒል ነው።

አክባሪያችሁ፣
አንዲት አንባቢ ከሳንዲያጎ፣ ካሊፎርኒያ