ደብዳቤ ለልጄ፦ ስለ ሰዓት ሐውልቱ

ልጄ፣

ወንድምሽ የጌምሽን ሥዕል ልኮልኝ አየሁት። ዶሮ ሲጮኽ እንደምትተኚ፣ ሥራሽንም ልትለቂ እንደሆነ አብሮ ነገረኝ። እሱ ይቆየን፤ መጀመሪያ ሐውልቱ።

ያምራል። ካህናቱ ዙሪያውን ቆመው፣ ጥላው መስመር በተሻገረ ቁጥር ደወል መደወላቸውን ወድጄዋለሁ። ግን ከተማሽ በረዶ ውስጥ ናት፣ ሕዝቡ ደግሞ እንደኛ ሰዓት የሚቆጥረው ፀሐይ ከወጣች ጀምሮ ነው። ሁለቱ አብረው አይሄዱም። ሰማዩን ሳትወስኚ ድንጋዩን አትትከዪ።

የእኛ ቆጠራ የሚያዋጣው አዲስ አበባ 9 ዲግሪ ኬክሮስ ላይ፣ ማለትም ለምድር ወገብ ቅርብ ስላለች ነው፤ ረጅሙና አጭሩ ቀን የሚበላለጡት በአንድ ሰዓት ከጥቂት ደቂቃ ብቻ ነው። ዓለምሽ የምድርን ያህል ያዘነበለች ከሆነች፣ 60 ዲግሪ ላይ በጋው ከ18 ሰዓት በላይ ብርሃን አለው፣ ክረምቱ 6 ሰዓት እንኳ አይሞላም። የቀኑን ብርሃን እንደ ጥንቶቹ 12 ቦታ ብትከፍዪው የበጋዋ ሰዓት ከ90 ደቂቃ ትበልጣለች፣ የክረምቷ 30 አትሞላም። ካህናትሽ ይህን ያውቃሉ? በዚያ ላይ የ20 ሜትር ዓምድሽ በክረምት እኩለ ቀን ከ170 ሜትር በላይ ጥላ ይጥላል፤ ከግቢው ወጥቶ ገበያው ውስጥ ይገባል። አዲስ አበባ ላይ ቢቆም ግን በታኅሣሥ ወደ ሰሜን 13 ሜትር፣ በሰኔ ወደ ደቡብ 5 ሜትር ገደማ ይበቃዋል። በዓመት ሁለቴ፣ ሚያዝያ መግቢያና ነሐሴ ማብቂያ ላይ፣ በእኩለ ቀን ጥላው ጨርሶ ይጠፋል። በዓል ከፈለግሽ ከዚህ የተሻለ አታገኚም።

በረዶው የግድ ከሆነ ከተማዋን ወደ ተራራ አውጫት እንጂ ወደ ዋልታ አትግፊያት። ኪሊማንጃሮ ከምድር ወገብ የሚርቀው 3 ዲግሪ ሲሆን ጫፉ በረዶ ነው።

ሌላው፣ ቀጥ ብሎ የቆመ ዓምድ እኩለ ቀንንና ወቅትን ይነግራል እንጂ ሌላውን ሰዓት ዓመቱን ሙሉ በአንድ መስመር አያሳይም። ለዚያ ጥላ ጣዩ ጠርዝ በኬክሮሱ ልክ ተጋድሞ ወደ ሰማይ ዋልታ፣ ሰማዩ የሚዞርበት ወደሚመስለው ነጥብ፣ መጠቆም አለበት። ሕንድ ጃይፑር ከተማ ያለው የድንጋይ የፀሐይ ሰዓት 27 ሜትር ቁመት አለው፣ ጠርዙ 27 ዲግሪ ያዘነብላል፣ ጥላው በደቂቃ 6 ሳንቲ ሜትር ይሄዳል።

በወንጌል የምታውቂው አውግስጦስ ቄሣር ከግብፅ 22 ሜትር የሚጠጋ ሐውልት አስመጥቶ በ10 ዓመተ ዓለም ገደማ ሮም ላይ አስተከለ። ፀሐይ ግማሽ ዲግሪ ስለምትሰፋ በ20 ሜትር ርቀት የጥላው ጠርዝ ወደ 20 ሳንቲ ሜትር ይደበዝዛል፤ ሹል ጫፍ ጭራሽ አይለይም። ስለዚህ አንድ የሒሳብ ሊቅ ጫፉ ላይ በወርቅ የተለበጠ ኳስ አስቀመጠ፣ መሬቱ ላይም የነሐስ መስመር ተዘረጋ። መሠረቱ የሐውልቱን ቁመት ያህል ጠልቋል ይባል ነበር። የሮም ጸሐፊው ፕሊኒ ይህን ሲጽፍ ግን ልኬቱ ለ30 ዓመት ያህል ስቶ ነበር። የፀሐይ መንገድ ተለውጦ ይሆን? ምድር ከቦታዋ ተንቀሳቅሳ? ከተማዋ ተናውጣ? ወይስ በቲቤር ወንዝ ጎርፍ ሐውልቱ ሰምጦ? ሁሉንም ደርድሮ አንዱንም አልመረጠም። እኔ ወንዙን እጠረጥራለሁ። አንቺም ሐውልትሽን ወንዝ ዳር ነው የሣልሽው! አለት ላይ አውጪው።

ለሌሊቱ የውኃ ሰዓት ማስገባትሽ ጎበዝ። ግን ገንቦው ቀጥ ያለ ከሆነ፣ ውኃው ግማሽ ሲደርስ ፍሰቱ ከመጀመሪያው ወደ 70 በመቶ ይወርዳል፣ ንጋት ላይ ሰዓቱ ይጎተታል። ግብፅ ካርናክ ቤተ መቅደስ የተገኘው፣ የንጉሡ የሣልሳዊ አመንሆቴፕ ዘመን የውኃ ሰዓት አፉ ሰፊ፣ ታቹ ጠባብ የሆነው ለዚህ ነው፤ ውስጡም የ12 ወር መለኪያ ለየብቻ ተቀርጾበታል። ውኃ ሲቀዘቅዝ በቀዳዳው ቀስ ብሎ ይወርዳል፣ ደለልም ይደፍነዋል፤ ውኃውን የሚያጠልልና ቀዳዳውን የሚመረምር ካህን መድቢ። በረዶ አገር ከሆነ ደግሞ ጭራሽ ይረጋል። ብዬሻለሁ፦ ሰማዩን ሳትወስኚ ድንጋዩን አትትከዪ።

አሁን ስለ ሥራሽ። የ6 ወር የቤት ኪራይ በእጅሽ ሳይኖር መልቀቂያ እንዳታስገቢ። የነቢያት ጾም ነው ብለሽም ባዶ ሆድሽን እስከ ማታ አትቀመጪ፤ እናትሽ የላከችውን በሶ ጠዋት ጠዋት በጥብጠሽ ጠጪ። ዓይንሽንም ተመርመሪ። አልቆጣሁም፣ የኔ ቆንጆ።

ቅዳሜ በረንዳሽ ላይ የ1 ሜትር ዘንግ በቱንቢ አቁሚና ከ6 እስከ 7 ሰዓት በየ5 ደቂቃው የጥላውን ጫፍ በጠመኔ ምልክት አድርጊ። አጭሩ ጥላ የሰሜንና ደቡብ መስመርሽ ነው፤ በዚህ ወር 63 ሳንቲ ሜትር ገደማ ይሆናል። 6 ሰዓት ላይ ሳይሆን 6 ከ25 አካባቢ ነው የምታገኚው፤ የአገራችን ሰዓት የተቃኘው በ45 ዲግሪ ኬንትሮስ ሲሆን አዲስ አበባ ያለችው ወደ 39 አካባቢ ነው። ካላየሽው ዘንግሽ ዘሟል።

አዲሱን ሥዕል ስትልኪ ኬክሮሱን ጥጉ ላይ በቁጥር ጻፊበት።

አባትሽ