ካፒቴኑ አባታቸው አይደለም

ይድረስ ለልጄ፣

እንደምን ሰነበትክ? እኛ ደህና ነን። እናትህ ሰላም ብላሃለች።

ስለ ካርቱን ፊልምህ ስትነግረኝ ብዙ አልመለስኩልህም። አባት ሁለት ተንኮለኛ ልጆቹን ይዞ ዓሣ ሊያጠምድ ይወጣል አልከኝ፤ መነሻህ የድሮው የጋዜጣ ሥዕላዊ ቀልድ ተንኮለኛ ልጆች፣ ሃንስና ፍሪትዝ፣ መሆናቸውንም ነገርከኝ። ከዚያ ወዲህ ስለ እነሱ ሳነብ ከረምኩ።

ሩዶልፍ ዲርክስ በልጅነቱ ከጀርመን አሜሪካ የገባ ሰዓሊ ነው። እነዚህን ልጆች በ1897 እ.ኤ.አ. ኒውዮርክ ውስጥ ጋዜጣ ላይ መሳል ጀመረ። ኤም ጂ ኤም የተባለው የአሜሪካ ፊልም ድርጅት ደግሞ በ1938 የካርቱን ፊልሞች ሠራላቸው፤ አብዛኞቹ ፊልሞች በቡናማ ቀለም ብቻ የታተሙ ናቸው። ብዙም ስላልተሳካ በ1939 ቆመ።

እኔን የያዘኝ ግን ካፒቴኑ ነው። ልጆቹ ቀን ከሌት የሚያሰቃዩት ያ ወፍራም ሰውዬ የወለዳቸው አባት አይደለም። መርከቡ ተሰብሮበት እናታቸው ቤት የተጠጋ መርከበኛ ነው። የአባትን ቦታ ያዘ፣ በዚያው ቀረ። እናትህን ሳገባ አንተ ገና ትምህርት ቤት አልገባህም ነበር፤ ስለዚህ ይህን ሰው በሌላ ዓይን ነው የማየው። ልጆቹ ያቃጥሉታል፣ ይጥሉታል፣ በሚቀጥለው ሳምንት እሱ እዚያው ቤት አለ። ታሪኩ ብዙ ጊዜ ልጆቹ ተገርፈው ማለቁን አልወደውም። አንተ ያንን አትውሰድ።

አንድ ነገር ልለምንህ። አባትየውን የቀልድ ማረፊያ ብቻ አታድርገው። ዓሣ ማጥመድ አብዛኛው መጠበቅ ነው፤ ዝም ብሎ የቆመ ሥዕል ደግሞ ስክሪን ላይ ወዲያው ይሞታል። የድሮዎቹ ካርቱን ሠሪዎች መላ ነበራቸው፤ የተቀመጠውንም ሰው ትንሽ ትንሽ ያንቀሳቅሱታል። ትከሻው ዝቅ ይላል፣ ዓይኑ ይርገበገባል። በዚያ ጊዜ ምን እንደሚያስብ እናውቃለን።

እንዲህ ብታደርገውስ? ልጆቹ ከኋላው ተንኮል ሲዶልቱ ሁለቱም ወደ አንድ ጎን ይጠጋሉ። ጀልባዋ ትጋደላለች። እሱ ዞር ሳይል፣ ምንም ሳይናገር፣ ቀስ ብሎ ወደ ሌላው ጎን ይሸሻል። ከዚያ መንጠቆውን ማየቱን ይቀጥላል። ሁለት ሰከንድ ይበቃዋል። በሰከንድ 24 ፍሬም፣ ማለትም ነጠላ ምስል፣ ስለሚያልፍ አንዱን ሥዕል ለሁለት ፍሬም ከያዝከው ሁለቱ ሰከንድ 24 ሥዕል ነው፤ ለሰባት ደቂቃ ፊልም ከ5,000 በላይ ለሚስል ሰው ብዙ አይደለም። ልጆቹ አያዩትም፤ ተመልካቹ ያየዋል። ከዚያ በኋላ የፈለጉትን ተንኮል ይሥሩ፣ ውኃ ውስጥም ይክተቱት፤ እኔም አብሬ እስቃለሁ።

የመጀመሪያውን ንድፍ እርሳስም ቢሆን ላክልኝ። የአባትየውን ፊት በተለይ ማየት እፈልጋለሁ። እናትህ ደግሞ ምሳ እየዘለልክ እንዳትሠራ ብላለች።

አባትህ