ከቡኑኤል ጎን የነበረው ደራሲም ይጠቀስ

ለጋዜጣው ዝግጅት ክፍል፦

ስለ ስፔናዊው የፊልም ዳይሬክተር ሉዊስ ቡኑኤል ማተም የጀመራችሁትን ተከታታይ ጽሑፍ በደስታ አነበብኩት። ይሁን እንጂ ከ1964 እስከ 1977 (ዓመታቱ ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው) ከሠራቸው ፊልሞች ስድስቱን አብሮት የጻፈው ፈረንሳዊው ዣን ክሎድ ካሪዬር በአንድም ዓረፍተ ነገር ሳይነሳ መቅረቱ ቅር አሰኝቶኛል። ዳይሬክተሩን የፊልሙ ብቸኛ ባለቤት አድርጎ ማየት የእናንተ ብቻ ልማድ አለመሆኑን አውቃለሁ፤ በእኛም ሀገር የፊልም ፖስተር ላይ የደራሲውን ስም በስንት ፍለጋ የምናገኝበት ጊዜ ጥቂት አይደለም።

ካሪዬር በ1931 በደቡብ ፈረንሳይ ከወይን አምራች ገበሬዎች ተወለደ። ወደ ሲኒማ የገባው የፈረንሳዊውን ዳይሬክተር የዣክ ታቲን ፊልም ወደ ልብ ወለድ እንዲለውጥ ሥራ ተሰጥቶት ነበር፤ ታቲ ግን ወጣቱ ስለ ፊልም አሠራር የሚያውቀው ነገር እንደሌለ ሲረዳ ለፊልም ኤዲተሩ ለሱዛን ባሮን አስረከበው። እርሷም የፊልሙን ጽሑፍ በአንድ በኩል፣ የተቀረጸውን ጥቅል በሌላ በኩል አስቀምጣ፣ የሙያው ጭንቅ ሁሉ ከዚህኛው ወደዚያኛው መሻገር መሆኑን አስረዳችው።

ቡኑኤልን በ1963 በፈረንሳይዋ የካን ከተማ ሲያገኘው የቀረበለት የመጀመሪያ ጥያቄ ወይን ይጠጣ እንደሆነ ነበር፤ የወይን አምራች ልጅ መሆኑን ሲናገር ነገሩ ያለቀ ያህል ሆነ። አሠራራቸው ግን ቀልድ አልነበረም። ሁለቱ ከቤተሰብም ከወዳጅም ተለይተው በሜክሲኮ ወይም በስፔን ጸጥ ባለ ሆቴል ለሳምንታት ይቀመጣሉ፣ አብረው ይመገባሉ፣ በየዕለቱ አንዱ ለሌላው የፈለሰፈውን ታሪክ ይተርካል፤ አንዱ ያመጣውን ሐሳብ ሌላው በጥቂት ሴኮንድ ውስጥ «አይሆንም» ካለ ሐሳቡ ያለ ክርክር ይጣላል። እንዲህ የተጻፈ ፊልም በምን ሚዛን የአንድ ሰው ብቻ እንደሚሆን አይገባኝም።

ቡኑኤል ከካሪዬር በፊትም ቡኑኤል ነበር የሚል ይኖራል፤ እውነት ነው። ነገር ግን በ1929 የወጣውን የመጀመሪያ ፊልሙን የጻፈው ከሳልቫዶር ዳሊ ጋር፣ በሜክሲኮ ከሠራቸው በርካታዎቹን ደግሞ ከሉዊስ አልኮሪሳ ጋር ነው። ከእነዚህ ውስጥ የዳሊ ስም ያልተረሳው ስመ ጥር ሠዓሊ ስለሆነ ብቻ ይመስለኛል።

ካሪዬር የቡኑኤል ጥላም አልነበረም። ለአንድሬ ቫይዳ «ዳንቶን»ን፣ ለዣን ፖል ራፕኖ «ሲራኖ ደ ቤርዠራክ»ን በመጻፍ ተሳትፏል። ከእንግሊዛዊው የቴአትር ዳይሬክተር ከፒተር ብሩክ ጋር ጥንታዊውን የሕንድ የጀግንነት ግጥም ማሃባራታን ለመድረክ ለማብቃት አሥር ዓመት ያህል የደከመ ሲሆን፣ በ1985 በአቪኞን ፌስቲቫል በአንድ የድንጋይ ካባ ውስጥ የታየው ዘጠኝ ሰዓት የሚፈጅ ትርዒት ኋላ ለቴሌቪዥን ተቀርጿል። እኔ ከሁሉ አብልጬ የማደንቅለት ግን በ1992 ለፈረንሳይ ቴሌቪዥን የጻፈውን «የቫያዶሊድ ሙግት»ን ነው፤ በ1550 ስፔናውያኑ ቄሱ ላስ ካሳስና ምሁሩ ሴፑልቬዳ ስለ አሜሪካ ነባር ሕዝቦች የተፋጠጡበትን ክርክር መነሻ ያደረገ ሥራ ነው። ጦርነትም መርከብም አይታይበትም፤ ተመልካቹን አስሮ የሚያቆየው ቃል ብቻ ነው። በዚህ ሥራ ላይ ደራሲውን ትቶ ዳይሬክተሩን ብቻ ለማንሳት የሚደፍር ሐያሲ ያለ አይመስለኝም።

የፈረንሳይ ሕግም ቢሆን በ1957 ከወጣው የደራሲያን መብት ሕግ ጀምሮ የፊልም ጽሑፉን ደራሲ ከዳይሬክተሩ ጋር የሥራው የጋራ ደራሲ አድርጎ ይቆጥራል። ካሪዬር በ1986 የተቋቋመው የፓሪሱ የፊልም ትምህርት ቤት የላ ፌሚ የመጀመሪያ ፕሬዚዳንት ነበር፤ በ2014 የክብር ኦስካር ተሸልሞ በ2021 በ89 ዓመቱ አርፏል።

በሚቀጥለው ክፍል በ1967 የወጣውን «ቤል ደ ዡር»ን የምታነሱ ከሆነ፣ ከቡኑኤል ስም ቀጥሎ የካሪዬርንም እንድታስገቡ በአክብሮት እጠይቃለሁ።

ከአክብሮት ሰላምታ ጋር፣
አንድ የዘወትር አንባቢያችሁ