ጠመኔሽን አትጣይ

ይድረስ ለምወድሽ እህቴ፤

ከሁሉ አስቀድሞ የናፍቆት ሰላምታዬ ካለሁበት ከሜሪላንድ ይድረስሽ። ለጤናሽ እንደምን አለሽ? ልጆቹስ? እማዬስ ጾሙ አልከበዳትም? እኛ ከናንተ ናፍቆት በቀር ደህና ነን፤ እግዚአብሔር ይመስገን።

የባለቤትሽን ሹመት ሰማሁ። እንኳን ደስ አላችሁ፤ በዚህ ጊዜ የዞን አስተዳዳሪ መሆን ቀላል ሸክም አይደለምና ብርታቱን ይስጠው። እኔን ያሳሰበኝ ግን በድምፅ መልእክትሽ መጨረሻ ላይ ጣል ያደረግሻት ነገር ናት። «የአስተዳዳሪ ሚስት ጠመኔ ይዛ ስትቆም አያምርም፤ ማስተማሩን ተዪና እንግዳ ተቀበይ» የሚሉሽ መብዛታቸው፣ አንቺም ማመንታት መጀመርሽ። ስልኩ እንደምታውቂው ነው፤ ወሬ ሲሞቅ ይቋረጣል። ስለዚህ መጻፍ ይሻላል አልኩ። ደረቅ ምክር እንዳይሆንብሽ ደግሞ እዚህ በዜና ስከታተላት የኖርኩትን የአንዲት ሴት ታሪክ ላውጋሽ። ቀኑንና ዓመተ ምሕረቱን ሁሉ በፈረንጆቹ ነው የምጽፍልሽ።

ዩሚ ሆገን ትባላለች። ባሏ ላሪ ሆገን ከ2015 እስከ 2023 የዚህ የሜሪላንድ አገረ ገዥ ነበር። ትውልዷ ደቡብ ኮሪያ፣ ናጁ በሚባል አካባቢ ነው፤ በ1959 ተወለደች፣ ከስምንት ልጆች የመጨረሻዋ፣ ዶሮ በሚያረቡ ወላጆች ቤት። አያታችን ስለ ኮሪያ ሲያወሩ ትዝ ይልሻል? ቃኘው ሻለቃ በ1951 ፑሳን ሲደርስ ያዩትን ረሃብና የፈረሰ መንደር ሲነግሩን እኛ ተረት ይመስለን ነበር። ይቺ ሴት የተወለደችው ጦርነቱ ከቆመ ከስድስት ዓመት በኋላ ነው፤ ያቺው አገር ገና ከድህነቷ ሳትነሳ።

በሃያዎቹ ዕድሜዋ ትዳር ይዛ አሜሪካ መጣች፣ ሦስት ሴቶች ልጆች ወለደች፣ ትዳሩ ፈረሰ። ልጆቿን እዚሁ ሜሪላንድ ብቻዋን አሳደገች። እንግሊዝኛ ሁለተኛ ቋንቋ ሆኖብሽ፣ ዘመድ በሌለበት አገር ሦስት ልጅ ብቻሽን ማሳደግ ምን ማለት እንደሆነ እኔ ላስረዳሽ አልችልም፤ እዚህ ያለች ሐበሻ እናት ሁሉ ግን ሳይነገራት ታውቀዋለች። ሆገንን ያገኘችው ኮሎምቢያ በምትባል ከተማ፣ በሥዕል ኤግዚቢሽን ላይ ነው። ያኔ እሱ የቤትና የመሬት ሥራ ላይ የነበረ ነጋዴ ነበር። ከሥዕሉ ይልቅ ሠዓሊዋን ነበር የማየው እያለ ይቀልዳል። በ2004 ተጋቡ።

ልብ በዪ፤ ከተጋቡም በኋላ ትምህርቷን አልተወችም። ባልቲሞር ካለው የሜሪላንድ የሥነ ጥበብ ኮሌጅ የመጀመሪያ ዲግሪዋን ያዘች፤ በ2010፣ ዕድሜዋ 50 ሲሞላ፣ ከዋሽንግተኑ አሜሪካን ዩኒቨርሲቲ ሁለተኛውን ጨመረች። ከዚያም ያው የባልቲሞሩ ኮሌጅ በትርፍ ሰዓት መምህርነት ቀጠራት። የምትሥለው በጥቁር ቀለም፣ ሃንጂ በሚባል የኮሪያ ወረቀት ላይ ነው፤ ከዛፍ ልጥ የሚሠራ፣ ቀለሙን ጠጥቶ የሚያሰራጭ ወረቀት። መልክዓ ምድር ይመስላል፤ ቀረብ ሲሉት ግን የየትኛው አገር ተራራ እንደሆነ አይለይም። እኔ እወደዋለሁ።

ባሏ በ2014 ሲመረጥ ማንም አልጠበቀም። ሜሪላንድ የዴሞክራቶች አገር ናት፤ እሱ ሪፐብሊካን ነው። በ2018 ደግሞ ደገመው፤ በዚህ ስቴት ሪፐብሊካን ሁለተኛ ዙር ሲያሸንፍ ከ1954 ወዲህ የመጀመሪያው ነበር። እሷም የዚህ አገር የመጀመሪያዋ ኮሪያዊት አሜሪካዊት የገዥ ሚስት ሆነች። ቀዳማዊት እመቤት ይሏታል፤ ግን ደመወዝ የለውም፣ ሕገ መንግሥቱ የሰጠው ሥልጣንም የለም። አናፖሊስ ያለው የገዥው መኖሪያ ውስጥ ትገቢያለሽ፣ እንግዳ ትቀበያለሽ፣ ፎቶ ትነሺያለሽ፤ የቀረውን ራስሽ ትሞዪዋለሽ። እሷ ምን አደረገች? ከአናፖሊስ ባልቲሞር እየተመላለሰች ማስተማሯን ቀጠለች። በግብዣው ማዕድ ላይ ኪምቺ የሚባለው የኮሪያ ምግብ ቀረበ፤ ክፍሏ ውስጥ ግን እንደ ድሮው መምህር ነበረች።

ደግሞ ይህ በዚህ ስቴት አዲስ ነገር አይደለም። ከሷ በፊት የነበረችው ኬቲ ኦማሊ ዳኛ ነበረች። በባልቲሞር ወረዳ ፍርድ ቤት የተሾመችው በ2001 ነው፤ ባሏ ማርቲን ኦማሊ ያኔ ከንቲባ ነበር። ከ2007 እስከ 2015 እሱ ስቴቱን ሲገዛ እሷ ጠዋት ጠዋት ችሎት ትቀመጥ ነበር። ዳኛ በፖለቲካ ቅስቀሳ እንዳይገባ ደንቡ ይገድበዋልና የባል ምርጫ ሲመጣ እንኳ አፏን መጠበቅ ነበረባት። እኔ ይሄን ሳስብ ይገርመኛል፤ ያቺ ሴት ከሁሉም ከባዱን መርጣለች።

ወደ ዩሚ ልመለስ። ባሏ ሥልጣን በያዘ በአምስተኛው ወር፣ ሰኔ 2015፣ ካንሰር እንደያዘው ለሕዝብ ተናገረ። ሊምፎማ ነበር፤ በዚያው ዓመት ኅዳር ላይ ዳነ። እሷ ግን ከሆስፒታሉ ባዶ እጇን አልወጣችም። ካንሰር የያዛቸው ሕፃናት ዘንድ እየሄደች ሥዕል ማስተማር ጀመረች፤ ኋላም በስሟ የተቋቋመው በጎ አድራጎት ድርጅት የታመሙ ልጆች በሥዕል እንዲጽናኑ የሚያግዝ ሆነ። ሪባን ከመቁረጥ የተሻለ ሥራ ነው። ደግሞም ማንም ሊሰጣት፣ ማንም ሊነጥቃት የማይችል ነው፤ ያመጣችው ከባሏ ቢሮ ሳይሆን ከራሷ እጅ ስለሆነ።

አሁን ደግሞ ብዙ ሰው እሷን የሚያውቅበትን ነገር ልንገርሽ፤ ይሄኛው እንዲህ ጥርት ያለ አይደለም። ኮቪድ ሲገባ መመርመሪያ ጠፋ። እኔ ያኔ የምሠራው አረጋውያን መጦሪያ ቤት ነበር፤ አንዱ ሲያስል ሁላችንም እንዴት እንተያይ እንደነበር አትጠይቂኝ። በመጋቢት 2020 መጨረሻ ሆገን ሚስቱን ከኮሪያ አምባሳደር ጋር በሚያደርገው የስልክ ንግግር ላይ እንድትገባ ጠየቃት። በአገሯ ቋንቋ ተማጸነች። ከዚያ በኋላ በኮሪያና በአሜሪካ የሰዓት ልዩነት ምክንያት ሌሊት ሌሊት ሲደራደሩ ቆዩና፣ ሚያዝያ 18 ቀን የኮሪያን ኤር አውሮፕላን 500,000 ሰው የሚመረምር ኪት ይዞ ባልቲሞር አጠገብ አረፈ። ዋጋው 9 ሚሊዮን ዶላር ገደማ። ባልና ሚስቱ አፋቸውን ሸፍነው አውሮፕላኑ ሥር ቆመው ተቀበሉት። ፎቶውን ሳይ አለቀስኩ፤ አልዋሽሽም። የኛ ቢጤ ስደተኛ፣ አነጋገሯ የሚሳቅበት ሴት፣ በዚያው ቋንቋዋ አንድ ስቴት አዳነች ብዬ።

በኅዳር ጋዜጦቹ ሌላ ነገር ይዘው ወጡ። መጀመሪያ የመጣው ኪት እንከን ነበረበት፤ ሥራ ላይ ሳይውል በሌላ ተለውጧል፣ ለለውጡም ተጨማሪ 2.5 ሚሊዮን ዶላር ተከፍሏል። በቀጣዩ ዓመት የስቴቱ ኦዲተሮች የግዥ ደንቡ በወጉ አልተከበረም አሉ። ገዥው ምትኩ ኪት ብዙ ሰው መርምሯል ብሎ ተከራከረ፤ እሱም እውነት ነው። እሷን በሙስና የከሰሳት የለም። ግን ተመልከቺ፤ ምስጋናው ሲመጣ በስሟ መጣ፣ ጥያቄው ሲነሳም ስሟ አብሮ ተነሳ፤ ውል የምትፈርምበት ወንበር ሳይኖራት። የሕፃናቱን ሥዕል ግን አንድም ኦዲተር አልጠየቀበትም።

ላንቺ የምለው እዚህ ላይ ነው። የኛን አገር ታውቂዋለሽ። ባል ሲሾም ደጅ ጠኚው ወደ ሚስት ነው የሚዞረው። አንዷ ማር ይዛ ትመጣለች፣ አንዱ በግ ይጎትታል፣ «ለልጆቹ ነው» ይላሉ። ሲሾም ያልበላ ሲሻር ይቆጨዋል የሚለውን የሚያስታውሱሽ እነሱው ናቸው። ቀን ቤት የምትውል ሚስት ለነዚህ ሰዎች የተከፈተ በር ናት። አንቺ ግን ጠዋት ዘጠነኛ ክፍል ባዮሎጂ ካለሽ የለሽም፤ ከሰዓት ደብተር ታርሚያለሽ፣ አሁንም የለሽም። ከዚህ የተሻለ ሰበብ ከየት ይመጣል?

አንድ ልዩነት አለ፤ እሱን ሳልነግርሽ አላልፍም። የዩሚ ኮሌጅ የግል ነው፤ ባሏ አያዝበትም። ያንቺ ትምህርት ቤት የመንግሥት ነው፤ ርዕሰ መምህሩ በተዘዋዋሪ የባለቤትሽ የበታች ነው። ነገ «ምክትል ርዕሰ መምህር እናድርግሽ» ቢሉሽ፣ ይገባሽም ቢሆን፣ እሱ ከቦታው እስኪነሳ እንቢ በዪ። ክፍለ ጊዜ ቀንሰው ቢሰጡሽም መልሽላቸው፤ ሌላው መምህር በሆዱ ይቆጥራል። ስልጠና ሲመጣ ወረፋሽን ጠብቂ። የኦማሊዋ ዳኛ የተሻለችው በዚህ ነው፤ ወንበሯን ያገኘችው ባሏ ገዥ ሳይሆን ነበርና ማንም በገዥነቱ ነው ሊላት አልቻለም። አንቺም ባለቤትሽ ገና ባለሙያ ሳለ ነው መምህር የሆንሽው። ያንን አትርሺው።

ሆገን ቤቱን ለቆ ወጣ፤ በ2023 ዌስ ሙርና ሚስቱ ዶን ገቡ፣ የስቴቱ የመጀመሪያዎቹ ጥቁር ገዥና ቀዳማዊት እመቤት። በ2024 ሆገን ለሴኔት ተወዳደረና ተሸነፈ። ሠዓሊዋ ግን ሠዓሊ ናት።

ደብዳቤውን ለባለቤትሽ ብታነቢለት አልከፋም፤ የበጉን ነገር ሲሰማ ይስቃል መሰለኝ። የክፍለ ጊዜ ድልድሉ ሲወጣ ፎቶ አንስተሽ ላኪልኝ፤ እያስተማርሽ እንዳልደውልብሽ። አሁን እዚህ በጋ ሆኖ ሰዓቱን ወደ ፊት ስለገፉት በእዚህና በእዚያ መካከል የ7 ሰዓት ልዩነት ነው፤ ኅዳር ላይ 8 ይሆናል። ለልጆቹ ጫማ ገዝቻለሁ፣ የትልቁን ቁጥር ግን ገምቼ ነው፤ ካልሆነው ለታናሹ አቆዪለት።

ለእማዬ ጉልበቷን ሳሚልኝ።

ታላቅ እህትሽ፣
ከሲልቨር ስፕሪንግ