ስድስተኛው ወንበር፦ የእንጨት ሥራ ክበብ የ2017 ዓ.ም. ዘገባ

በመስከረም ምዝገባ ሲከፈት 31 ተማሪዎች መጡ። ዓመቱን የጨረስነው በ22 ነው። ዘጠኙ ወደ ሌሎች ክበባት ሄደዋል፤ እዚያም እንደሚቀናቸው አምናለሁ። ይህ ዘገባ ግን ቅዳሜያቸውን ሜትርና እርሳስ ይዘው ያሳለፉት የ22ቱ ነው።

የዓመቱ ሥራችን አንድ ብቻ ነበር፤ ለቤተ መጻሕፍታችን ስድስት አግዳሚ ወንበር መሥራት። ወላጆች አዋጥተው የእንጨት መግዣ ሰጡን። እኔ የሂሳብ መምህር ነኝ። መጋዝና መላጊያ አያያዝ ያስተማሩን እዚሁ ሰፈራችን የሚሠሩ አንድ አናጺ ናቸው። ልጆቹ «ጋሼ» ይሏቸዋል፤ እኔም እንደዚያው።

የመጀመሪያው ቀን አንድ ጣውላ ወለሉ ላይ አስተኛሁ። ርዝመቱ 4 ሜትር፣ ወርዱ 20 ሴንቲ ሜትር፣ ውፍረቱ 2.5 ሴንቲ ሜትር። «ይዘቱ ስንት ነው?» አልኩ። ቀመሩን ሁሉም ያውቁታል። አባዙና «200» አሉ። 200 ምን? «ሜትር ኪዩብ ነዋ፣ ቲቸር!» አለ አንዱ።

ተሳስተሃል አላልኩትም። እስቲ ክፍላችንን እንለካ አልኩ። 8 በ7 ሆነ፤ ከፍታው 3 ሜትር። 168 ሜትር ኪዩብ መጣ። ትንሽ ዝም አሉ። ከዚያ አንዷ «ታዲያ ጣውላው በየት በኩል ገባ?» ስትል ክፍሉ በሳቅ ተሞላ። ሜትርን ከሴንቲ ሜትር ጋር እንዳባዙት ራሳቸው ደረሱበት። ሁሉንም ወደ ሜትር ሲቀይሩት 4 × 0.20 × 0.025 = 0.02 ሜትር ኪዩብ ሆነ። እንዲህ ያለ ጣውላ 50 ሲሆን አንድ ሜትር ኪዩብ ይሞላል ማለት ነው። ይቺን 50 ዓመቱን ሙሉ ተጠቀምንባት።

ቋንቋም አስቸግሮን ነበር። በመማሪያ መጽሐፋችን «ስፋት» የሚባለው የርዝመትና የወርድ ብዜት ነው። ጋሼ ግን «ስፋቱ ሃያ ነው» ሲሉ ወርዱን ማለታቸው ነው። ሁለቱም ልክ ናቸው። አንድ ቡድን በዚህ ምክንያት ግማሽ ቀን የተሳሳተ ሂሳብ ሲሠራ ዋለ። በመጨረሻ ተስማማን፤ እንጨት ቤት ውስጥ «ወርድ» ብቻ እንላለን።

በኅዳር ወር 24 የባሕር ዛፍ ጣውላዎች ገዛን። «ባለ ሁለት ተኩል» ተብሎ ነው የተሸጠልን። በወረቀት 24 × 0.02፣ 0.48 ሜትር ኪዩብ ነው። ወደ ትምህርት ቤት አምጥተን ከፊዚክስ ላቦራቶሪ በተዋስነው ካሊፐር ስንለካው ውፍረቱ በአማካይ 2.2 ሴንቲ ሜትር ሆነ። እጃችን የገባው 0.42 ገደማ ነው። ልዩነቱ ሦስት ጣውላ ያህላል። ልጆቹ በጣም ተናደዱ፤ እውነቱን ለመናገር እኔም ተናድጄ ነበር። ጋሼ ግን አልደነቃቸውም። «ሁለት ተኩል ስሙ ነው፤ ውፍረቱ ሌላ ነው» አሉን። ይህ የእኛ አገር ነገር ብቻም አይደለም። በአሜሪካ «ሁለት በአራት» ተብሎ የሚሸጠው እንጨት ተልጎ ሲለካ አንድ ተኩል በሦስት ተኩል ኢንች ነው። ልዩነቱ እዚያ ያንን ገዢው ሁሉ አስቀድሞ ያውቃል። እኛ ሜትራችንን ኪሳችን ውስጥ አድርገን ከፈልን።

ከዚያ በኋላ እያንዳንዱን ጣውላ ሦስት ቦታ ለካን፤ ሁለቱን ጫፍና መሀሉን። ለምን ሦስት ቦታ? በመጋዝ የተሰነጠቀ ጣውላ ከጫፍ እስከ ጫፍ እኩል አይሆንም። እዚህ ላይ ልጆቹን ብዙ ያከራከረ ጥያቄ ተነሳ። ከሦስቱ ልኬቶች የትኛውን እንውሰድ? የደረስንበት መልስ ይሄ ነው። ለዋጋ ከሆነ አማካዩን፤ ለሥራ ከሆነ ትንሹን። ጣውላው ሲላግ ወፍራሙ ወደ ቀጭኑ ይወርዳል እንጂ ቀጭኑ አይወፍርም።

ስለ ሜትሩ አንድ ነገር ልጨምር። የሜትር ጫፍ ላይ ያለችው መንጠቆ ትንሽ ትንቀሳቀሳለች። አንድ የ9ኛ ክፍል ተማሪ ተበላሽታለች ብሎ በመዶሻ መትቶ አጠበቃት። ሊረዳን ነበር፣ የዋህ ልጅ ነው። ግን መንጠቆዋ የላላችው ታስቦበት ነው። ጣውላ ጫፍ ላይ አንጠልጥለን ስንስብ በራሷ ውፍረት ያህል ወደ ውጭ ትወጣለች፤ ግድግዳ ላይ ስንገፋት ያንኑ ያህል ወደ ውስጥ ትገባለች። ስለዚህ በሁለቱም መንገድ ልኬቱ ልክ ይመጣል። ሁለት ሳምንት ሙሉ ልኬታችን ለምን አንድ ሚሊ ሜትር እንደሚዛነፍ ስንጨነቅ ነበር። ምክንያቱን ያገኘው ራሱ ያጠበቃት ልጅ ነው።

ጣውላው ርጥብ ስለነበር ጋሼ ወዲያው እንዳንቆርጥ ከለከሉን። በየመሀሉ ቀጫጭን እንጨት እያስገባን፣ አየር እንዲያገኘው አድርገን፣ ጥላ ሥር ደረደርነው። አንዱ ላይ በእርሳስ ምልክት አድርገን በየቅዳሜው መዘገብን። ስንጀምር ወርዱ 20 ሴንቲ ሜትር ነበር። ከዘጠኝ ሳምንት በኋላ 19.4 ሆነ። ርዝመቱ ግን 4 ሜትር እንዳለ ቀረ። «ለምን በአንድ በኩል ብቻ?» አሉኝ። የእንጨት ክሮች በቁመቱ የተዘረጉ ናቸው። ውሃው ሲወጣላቸው ይቀጥናሉ እንጂ አያጥሩም ለማለት ይቻላል። ይህን የግድግዳ ግራፍ ላይ የሠሩት ሦስት ሴት ተማሪዎች ናቸው። ከዓመቱ ሥራችን እኔ በጣም የምወደው እሱን ነው፤ ቤተ መጻሕፍቱ መግቢያ ላይ ተለጥፏል፣ እዩት።

በየካቲት ወደ ወንዶ ገነት የደን ኮሌጅ ሄድን። እዚያ ግንድ ለካን። መሀሉ ላይ ዙሪያው 94 ሴንቲ ሜትር፣ ርዝመቱ 3 ሜትር። ዙሪያውን ለ3.14 ሲያካፍሉት ዲያሜትሩ ወደ 30 ሴንቲ ሜትር መጣ፤ ይዘቱ 0.21 ሜትር ኪዩብ። እንግዲህ ከዚህ ግንድ ትልቁ ባለ አራት ማዕዘን ቋሚ ስንት ይወጣዋል? የ10ኛ ክፍሎች ክብ ውስጥ ካሬ ስለው አሰሉት። 64 በመቶ ገደማ ነው። የቀረው ልጥና ፍልጥ ይሆናል። አንዱ ተማሪ «ቀመሩ እንጨቱን ሁሉ ይቆጥራል፤ መጋዙ ግን አይሰማውም» አለ። ማስታወሻዬ ላይ ጻፍኩት።

መጋዙ ራሱም ድርሻ አለው። 20 ሴንቲ ሜትሩን ጣውላ ለአራት ስንሰነጥቀው እያንዳንዱ 5 ይሆናል ብለን ነበር። ሦስት ቁርጥ፣ በየቁርጡ 3 ሚሊ ሜትር፣ ወደ ሰጋቱራ የሄደው 9 ሚሊ ሜትር ነው። በዚያ ላይ ወርዱ ቀንሷል። ስለዚህ እያንዳንዱ 4.6 ገደማ ብቻ ነው ብለን ሥዕሉን እንደገና ሠራን።

አምስት ወንበር ጨርሰናል፤ ቤተ መጻሕፍት ውስጥ ልጆች እየተቀመጡባቸው ነው። ስድስተኛው አልተሠራም። ምክንያቱ ያቺው የውፍረት ነገር ናት። የወንበሩን እግር ሁለት ጣውላ በኮላ አጣብቀን 5 ሴንቲ ሜትር ልናደርገው ነበር። 4.4 ሆነብን፤ ሦስተኛ ንብርብር ጨመርንበት። ለስድስት የታሰበው እንጨት በአምስት አለቀ።

በሰኔ በተረፈን ብር አምስት ጣውላ ገዝተናል። በዚህኛው ቀን ካሊፐሩን ይዛ የሄደችው የ8ኛ ክፍል ተማሪ ናት፤ ሻጩ ፊት እየለካች ነው የመረጠችው። ጣውላዎቹ አሁን መጋዘኑ ውስጥ ተደርድረዋል። በጠመኔ «ሰኔ 7፣ ወርድ 20.1፣ ውፍረት 2.5» ተብሎ ተጽፎባቸዋል። መስከረም ላይ ስንገናኝ መጀመሪያ የምንለካው እነሱን ነው።