ማይ ማለት

ልጄ፣

እንደምን ሰነበታችሁ? ሕፃኗስ? እኛ እግዚአብሔር ይመስገን ደኅና ነን። እናትሽን ጉልበቷን ትንሽ ይዟት ነበር፤ አሁን ተሽሏታል።

ይህን የምጽፍልሽ ስለ ስሟ ነው። ያን ቀን ስልክ ላይ "ማይ ብለናታል" ስትዪኝ ዝም አልኩ። ከዚያ የተናገርኩትን አንቺም አትረሺውም። "እናቴን ለማያውቋት ሰዎች ብለሽ ረሳሻት" አልኩሽ። ስልኩን ለባልሽ ሰጥተሽ ሄድሽ። ስታለቅሺ እንደነበር የሰማሁት በኋላ ነው። ይቅር በይኝ።

ያረገዝሽ ጊዜ ጀምሮ የእናቴን ስም እንድታወጪላት ስለምንሽ ነበር። ቬትናማዊቷ የባልሽ እናት እንዳልተስማሙ ስሰማ ደሜ ፈላ። ንቀት መሰለኝ። እሳቸው ግን በቪዲዮ ሲያነጋግሩኝ፣ አንቺ እያስተረጎምሽ፣ እንዲህ ነው ያሉኝ፦ "ልጅ ያጠፋል። ሲያጠፋ በስሙ ጠርተን እንቆጣዋለን። ያኔ የምንቆጣው ማንን ነው? የእርስዎን እናት አይደለም?"

መልስ አጣሁ። እኔ እኮ እናቴን አንድም ቀን በስሟ ጠርቻት አላውቅም። ጎረቤቱም ቢሆን "እትዬ" ሳይል ስሟን አያነሣም ነበር። በቬትናም ደግሞ ነገሩ ከዚህም ይጠብቃል። የአያትን ወይም የቅድመ አያትን ስም ለሕፃን ማውጣት ድፍረት ነው። አያት የሚታሰቡት በሌላ መንገድ ነው። በቤት ውስጥ ፎቷቸው ተቀምጦ ዕጣን ይጨስላቸዋል፤ በየዓመቱ የሞቱበት ቀን ሲደርስ ምግብ ተሠርቶ ዘመድ ይሰበሰባል። የእኛን ተዝካር አስታወሰኝ። እኔ እናቴን በስሟ ላኖራት ፈለግኩ። እሳቸው ደግሞ ስሟን ባለመንካት ሊያከብሯት ፈለጉ።

ባልሽን "የእናንተ የቤተሰብ ስም፣ ሁዊን፣ ትርጉሙ ምንድነው?" ብዬ የጠየቅኩትስ? ትዝ ይልሻል? መልሱን ከሰማሁ ወዲህ ለሰው ሁሉ እያወራሁት ነው። ንጉየን ሁዋንግ የሚባል መስፍን በ1558 እ.ኤ.አ. ወደ ደቡብ ወርዶ ግዛት አቀና። ዘሮቹ ለብዙ ዘመን ገዙ። የገዢን ስም በአፍ መጥራት ነውር ነበርና፣ የቤተሰብ ስማቸው ሁዋንግ የሆነ የደቡብ ሰዎች ቃሉን ትንሽ አጣመው ሁዊን አሉት። ሰሜኖቹ እስከ ዛሬ ሁዋንግ ናቸው። በኋላ በንጉየን ነገሥታት ዘመን (ከ1802 እስከ 1945 እ.ኤ.አ.) በመንግሥት ፈተና ወረቀት ላይ የንጉሥ ስም የጻፈ ተማሪ ይቀጣ ነበር። አየሽ፣ ልጅሽ የምትጠራበት የቤተሰብ ስም ራሱ የታላቅን ስም ላለመጥራት ሲባል የተለወጠ ነው። እኔ ደግሞ እሱን ስም ይዘው የኖሩ ሰዎችን "ስም ምን ያጣላል?" ስል ነበር።

የሁዋንግም ሆነ የሁዊን ትርጉም ቢጫ ነው። ማይ ደግሞ አበባ ናት። በደቡብ ቬትናም በአዲስ ዓመታቸው፣ በቴት፣ የምትፈካ ቢጫ አበባ! ይህን ሲነግረኝ ብድግ ብዬ እናትሽን ጠራኋት። "ሰማሽ? አደይ አበባ ብለዋታል እኮ!" አልኳት። የእነሱ አዲስ ዓመት የሚውለው ከጥር አጋማሽ እስከ የካቲት አጋማሽ ባለው ጊዜ ነው። በዓሉ ሁለት ሳምንት ገደማ ሲቀረው የዛፉን ቅጠል በእጅ እየለቀሙ ያራግፉታል። ያኔ ዛፉ ኃይሉን ወደ እንቡጡ ይልካል፤ ልክ በበዓሉ ቀን ይፈካል። አየሩ ቢከፋ ወይ ቀድሞ ይፈካል፣ ወይ ይዘገያል። በዓሉ ቀን ከፈካ የዓመቱ ገድ ነው። እኛ አደይን ማንም ሳይነካት ሜዳ ላይ እናገኛታለን፤ እነሱ ግን ለአበባዋ ይደክሙላታል። ብርድ ስለማትወድ በሰሜኑ፣ በሃኖይ በኩል፣ በእሷ ፈንታ ሮዝ የኮክ አበባ ነው ቤት የሚገባው። በድሮው ግጥማቸው ግን ማይ የሚሏት ሌላ ናት፤ በቅዝቃዜ መሃል የምታብብ፣ ከጥድና ከቀርከሃ ጋር የጽናት ምሳሌ የሆነች።

ቃሉ ሌላም ትርጉም አለው፤ ነገ ማለት ነው። ለልጅ ስም ከዚህ የሚሻል አላውቅም። ለእኔ ጆሮ ደግሞ በግዕዝ ማይ ውኃ ነው። ይህን የሰጣት ማንም የለም፣ እንዲያው የተገጣጠመ ነው፤ ግን ደስ ብሎኛል።

አጠራሩን እየተለማመድኩ ነው። ድምፅን ሳያነሡ፣ ሳይጥሉ፣ ደልዳላ አድርጎ ነው የሚባለው። ከፍ ካደረጉት ጣራ ይሆናል። ዝቅ ካደረጉት መሳል ነው፣ ቢላዋ እንደሚሳል። አጠፍ አድርገው ካነሡት ለዘላለም ማለት ነው። እኛስ "አለ" ስንል ማጥበቅና ማላላቱ ትርጉሙን ይለውጠው የለ? የባልሽ እናት ስሟን ሲጠሩ ቅጂልኝና ላኪልኝ። ከሳቸው አፍ ብማረው ይሻላል።

ስለ ባልሽ አባትም ልንገርሽ። በሠርግሽ ሰሞን አሜሪካ፣ ፎልስ ቸርች ያለው የቬትናሞች የገበያ ማዕከል፣ ኤደን ሴንተር ወስደውን ኑድል ሾርባ ስንበላ፣ እኔ ለመቅረብ ብዬ "በ66ቱ አብዮት ጊዜ የሆ ቺ ሚንን ስም እየዘመርን ነው ያደግነው" አልኳቸው። ሰውየው ማንኪያቸውን አስቀመጡ። የደቡብ ቬትናም ዋና ከተማ ሳይጎን በ1975 እ.ኤ.አ. በሆ ቺ ሚን ወገን ኮሚኒስቶች እጅ ከወደቀች በኋላ በጀልባ አገራቸውን ጥለው የወጡ ሰው መሆናቸውን ዘንግቼ ነበር። አልተቆጡኝም። ዝም ብለው ሻይ ቀዱልኝ። እስከ ዛሬ ያንገበግበኛል። እኔ ለነፃነት የዘመርኩት ስም ለእሳቸው ቤታቸውን ያጡበት ስም ነው። አንድ ቀን በቋንቋቸው ይቅርታ ልጠይቃቸው እፈልጋለሁ። ቃሉን አስተምሪኝ።

እንደኛ የሚያደርጉት ነገርም አለ። ሰውን የሚጠሩት በቤተሰቡ ሳይሆን በራሱ ስም ነው። ፈረንሳዮችን በ1954 እ.ኤ.አ. ዲየን ቢየን ፉ ላይ ያሸነፉት ጄኔራል ሙሉ ስማቸው ቮ ንጉየን ዢያፕ ነው። ቮ የቤተሰብ ስም ነው፤ ከፊት ይቀድማል። ግን ሰው ሁሉ የሚላቸው ጄኔራል ዢያፕ ነው። ሴቶቹም ሲያገቡ ስማቸውን አይለውጡም። አሜሪካ ወረቀት ላይ ሁሉንም ገልብጦ ሊጽፍባት ነው፤ ቤት ውስጥ ግን በሁለቱም ወገን ማይ ብቻ ናት።

እኔን ኦንግ ንግዋይ እንደምትለኝ ባልሽ ነግሮኛል። የእናት አባት ማለት ነው። ንግዋይ የሚለው ቃል "ውጭ" ማለት መሆኑን ስሰማ ትንሽ ቅር አለኝ፤ አልደብቅሽም። የአባት ወገን "ውስጥ"፣ የእናት ወገን "ውጭ"። ግን ልጆቹ ከሁሉ አብልጠው የሚወዱት የእናትን ወገን ነው ብሎ አጽናናኝ። እንግዲህ እናያለን።

አንድ ነገር ልለምንሽ። ሰማንያ ቀኗ ሲደርስ ክርስትና ትነሣለች። የእናቴ የክርስትና ስም ወለተ ማርያም ነበር። የክርስትና ስም በጸሎትና በቁርባን ካልሆነ አይጠራም፤ ማንም በሱ አይቆጣትም። ግን ከመወሰንሽ በፊት የባልሽን እናት ጠይቂያቸው። በደንብ አስረጂያቸው። ደስ ካላላቸው ተዪው። እኔ አልቀየምም፤ ቃሌ ነው።

በሶና የተነጠረ ቅቤ በሰው ልኬልሻለሁ። ቅቤውን ፍሪጅ ውስጥ አስቀምጪው። የባልሽ እናት የዝንጅብል ሾርባ ሲሠሩልሽ እምቢ አትበዪ። ለአራስ ሙቅ ነገር ጥሩ ነው፤ እኛም የምንለው ይህንኑ ነው።

ማይን ሳሚልኝ።

አባትሽ