ካዛንችስ የሰው ስም አይደለም

ይድረስ ለዝግጅት ክፍሉ፦

ስለ አዲስ አበባ ሰፈሮች ስም ያወጣችሁትን ጽሑፍ ወድጄዋለሁ። ካዛንችስን ግን "ከአንድ ጣልያናዊ ስም የመጣ" ብላችሁ አለፋችሁት። ተወልጄ ያደግሁት እዚያው ነውና ዝም ማለት አቃተኝ።

ቃሉን ለሁለት ክፈሉት። "ካዜ" በጣልያንኛ ቤቶች ማለት ነው። "ኢንቺስ" ደግሞ ምሕጻረ ቃል ነው፤ ለመንግሥት ሠራተኞች መኖሪያ የሚሠራ የጣልያን ተቋም መጠሪያ። በወረራው ዘመን፣ ከ1928 እስከ 1933 ዓ.ም. ባለው ጊዜ፣ ለጣልያን ሠራተኞች የተሠሩት ቤቶች በዚሁ ስም ተጠሩ። ጣልያን ሄደ፣ ስሙ ቀረ። እኛም ለአፋችን እንዲመች አጣብቀን ካዛንችስ አልነው። የታክሲ ረዳቱማ ጭራሽ ቆርጦት "ዛንችስ፣ ዛንችስ! ሁለት ሰው!" ይላል።

ፖፖላሬ የሚባለው ሰፈር ስምም የዚሁ ዘመድ ነው፦ "ካዜ ፖፖላሪ"፣ የተራው ሕዝብ ቤቶች። ፒያሳና መርካቶንማ ማን ያጣቸዋል? አደባባይና ገበያ ናቸው።

ይህን ሁሉ ለእናቴ ባስረዳት ጀበናዋን እያወረደች፣ "ታዲያ እኛ የየትኛው መንግሥት ሠራተኛ ሆነን ነው እዚህ የገባነው?" ብላ ሳቀችብኝ።

አክባሪያችሁ፣
የካዛንችስ ልጅ